ከብት፣ ክፉ ቀንና ክትባት

የአንድ ሕዝብ የኑሮ ታሪክ በቤተ መንግሥት ዜና መዋዕል ብቻ ሳይሆን በዕለት መገልገያ ዕቃዎቹም ላይ ተጽፎ ይገኛል። በኢትዮጵያ ደጋማ አካባቢዎች የአርሶ አደሩ ቤት ሲታይ ይህ በግልጽ ይታወቃል። ሞፈሩን ከቀንበሩ ጋር የሚያያይዘው ምራን፣ አልጋው የተወጠረበት ጠፍር፣ ለመኝታ የሚነጠፈው ቁርበት፣ ጭነት የሚታሰርበት መጫኛ፣ መጠጥ የሚቀዳበት የቀንድ ዋንጫ፣ ሁሉም ከከብት የተገኙ ናቸው። እበቱ አውድማውን ይለቀልቃል፣ ጎተራውን ይመርጋል፤ ሲደርቅም ኩበት ሆኖ ምድጃውን ያነድዳል። ወተቱ እርጎ፣ ቅቤ፣ አይብና አሬራ እየሆነ ቤተሰቡን ይመግባል። አዋጅ የተጎሰመበት ነጋሪት ሳይቀር ድምፁን ያገኘው ከተወጠረ ቆዳ ነው።

ከዚህ ሁሉ በላይ ግን በሬው የማምረቻ መሣሪያ ነበር፤ ዛሬም በብዙ ቦታ ነው። ጥማድ በሬ ያለው ገበሬ መሬቱን በጊዜው ያርሳል። አንድ በሬ ብቻ ያለው ከመሰሉ ጋር መቀናጆ ይገባል። ጨርሶ የሌለው ደግሞ በሬ ላለው ሰው ጉልበቱን ወይም ከምርቱ ከፍሎ ያሳርሳል። ስለዚህ የገጠሩ ኅብረተሰብ የኑሮ ደረጃ ሲለካ ከመሬቱ ስፋት ጋር የበሬው ቁጥርም ይታይ ነበር።

ይህ መሠረት በአንድ ጊዜ ሲናድ ምን እንደሚከተል የታየው ሕዝቡ «ክፉ ቀን» ብሎ በሚጠራው ዘመን፣ ከ1880 እስከ 1884 ዓ.ም. ባሉት ዓመታት ነው። አርብቶ አደሩና አርሶ አደሩ «ደስታ» እያለ የሚጠራው፣ ስሙና ግብሩ ፈጽሞ የማይገናኘው የከብት ወረርሽኝ በሰሜን በኩል ወደ አገሪቱ ገባ። ብዙ የታሪክ ጸሐፊዎች እንደሚያምኑት በሽታውን ያመጡት ለኢጣሊያ ጦር ስንቅ ተብለው በምጽዋ ወደብ የገቡ ከብቶች ናቸው። ወረርሽኙ ከመረብ ማዶ ተነሥቶ በጥቂት ጊዜ ውስጥ መላውን አገር አዳረሰ። ከአገሪቱ ከብት 90 በመቶ ያህሉ እንዳለቀ ይገመታል።

በዚያው ወቅት ድርቅ፣ አንበጣና ተምች ተደራረቡ። የረሀቡ ጥልቀት ግን በሰማይ መንጠፍ ብቻ አይገለጽም። ዝናብ በዘነበበት ቦታም ቢሆን የሚያርስ በሬ አልነበረም፤ መሬቱ ጾሙን አደረ። ወተቱም ሥጋውም አብሮ ጠፋ። ከእህል ውድቀት በኋላ ገበሬው ሸጦ የሚያመልጥበት ጥሪት ራሱ ከብቱ ነበርና የመጨረሻው መሸሻም ተዘጋ። አፄ ምኒልክ መኳንንቱና ወታደሩ በዶማ እንዲቆፍር አዝዘው፣ ራሳቸውም ዶማ ይዘው በመቆፈር አርአያ እንደሆኑ በታሪክ ተመዝግቧል። ለዘመናት በበሬ ጉልበት የታረሰ መሬት በሰው ክንድ ብቻ ሊለማ ግን አልቻለም። ከሕዝቡ አንድ ሦስተኛ ያህሉ እንዳለቀ የሚገምቱ አሉ።

ወረርሽኙ በኢትዮጵያ አልቆመም። የምሥራቅ አፍሪካን አርብቶ አደሮች መንጋ እየጨረሰ ወደ ደቡብ ወርዶ እ.ኤ.አ. በ1896 ደቡብ አፍሪካ ደረሰ። ጀርመናዊው ሊቅ ሮበርት ኮክ በኪምበርሊ ምርምር አድርጎ፣ ከታመመ ከብት የተወሰደን ሐሞት በመውጋት ጤነኛውን መከላከል እንደሚቻል አመለከተ። እ.ኤ.አ. በ1902 ደግሞ በቁስጥንጥንያ ይሠሩ የነበሩት አዲል ቤይና ኒኮል የበሽታው መንሥኤ ባክቴሪያን በሚያስቀር ማጣሪያ የሚያልፍ ረቂቅ ተሕዋስ፣ ማለትም ቫይረስ መሆኑን አረጋገጡ።

ሳይንስ ለከብት መድኅን ከመፈለጉ 100 ዓመት አስቀድሞ ግን ከብት ለሰው መድኅን ሰጥቶ ነበር። እንግሊዛዊው ሐኪም ኤድዋርድ ጄነር እ.ኤ.አ. በ1796 ከላም ፈንጣጣ የተገኘ ፈሳሽ በአንድ ልጅ ክንድ ላይ ጭሮ በማስገባት ከሰው ፈንጣጣ ሊያድነው ቻለ። ፈረንጆች ክትባትን «ቫክሲን» የሚሉት «ቫካ» ከተሰኘው፣ ላም ማለት ከሆነው የላቲን ቃል ወስደው ነው። በኋላም የፈንጣጣ ክትባት ለረጅም ጊዜ በጥጆች ቆዳ ላይ ይመረት ነበር። በኢትዮጵያ የመጨረሻው የፈንጣጣ ሕመምተኛ የተገኘው በነሐሴ 1968 ዓ.ም. ሲሆን፣ እ.ኤ.አ. በ1980 በሽታው ከዓለም መጥፋቱ ታወጀ።

የከብቱ ተራ የመጣው ዘግይቶ ነው። ዋልተር ፕላውራይት የተባለው የእንስሳት ሐኪም በኬንያ፣ ሙጉጋ በሚገኘው የምርምር ጣቢያ ቫይረሱን ከጥጃ ኩላሊት በተወሰዱ ሕዋሳት ውስጥ ደጋግሞ በማራባት አዳከመውና አስተማማኝ ክትባት አደረገው። ከ1962 እስከ 1976 እ.ኤ.አ. በአፍሪካ በተካሄደው ሰፊ ዘመቻ ብዙ መንጋ ተከተበ። ዘመቻው ሲያበቃ ክትትሉ ስለላላ ግን በሽታው እንደገና አገረሸ። አንዱ ችግር ክትባቱ ያለ በረዶ የማይጓዝ መሆኑ ነበር፤ ሐኪሙ ከመኪና መንገድ ርቆ ሲሄድ መድኃኒቱ ይበላሽበታል።

መፍትሔው የተገኘው ቴክኒክና የሕዝብ ዕውቀት ሲገናኙ ነው። ያለ ማቀዝቀዣ ለአንድ ወር ያህል የሚቆይ ክትባት ተዘጋጀ። በአፋር ከአርብቶ አደሩ መካከል የተመረጡ ሰዎች ሥልጠና ወስደው፣ የመንጋውን መዋያና የውኃውን ጉድጓድ እያወቁ ከብታቸውን ራሳቸው ከተቡ። ለብዙ ዓመታት የበሽታው መሸሸጊያ በነበረው በዚያ ቆላ እ.ኤ.አ. ከ1995 በኋላ ደስታ አልታየም። እ.ኤ.አ. በ2011 በሽታው ከምድር ገጽ መጥፋቱ በይፋ ታወጀ። በሰው ጥረት ከዓለም የጠፉት ተላላፊ በሽታዎች እስከ ዛሬ ሁለት ብቻ ናቸው፦ ፈንጣጣና ደስታ። አንደኛውን ለማጥፋት ከብት ለሰው ባለውለታ ሆነ፤ በሁለተኛው ሰው ውለታውን መለሰ።

ድሉ ግን ጥበቃ ይፈልጋል። በሽታው ምናልባት ቢመለስ የሚያስፈልገው ክትባት ከሚጠበቅባቸው ጥቂት የዓለም ማእከሎች አንዱ የሚገኘው በደብረ ዘይት፣ በአፍሪካ ኅብረት የእንስሳት ክትባት ማእከል ነው። ከ100 ዓመት በላይ አስቀድሞ ያለ በሬ ቀርቶ በዶማ የቆፈረ አገር ዛሬ ለሌላው አህጉር ጭምር ዘብ ቆሟል።