ተመልካች የሌለው ጨዋታ

በዚህ ጽሑፍ የተጠቀሱት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ከጥቂት ጊዜ በፊት፣ ከመርከዝ ክሊታ ወጥቶ በኤም ሃሞሻቮት ሰፈር አዲስ ቤት የገባ አንድ ቤተሰብ ዘንድ እንኳን ደስ ያላችሁ ለማለት ሄጄ ነበር። ቡናው ተፈልቶ፣ ፈንዲሻው ቀርቦ ስንጨዋወት ከውስጥ ክፍል ጩኸት ሰማን። የ14 ዓመቱ የቤቱ ልጅ ዓይኖቹን በትልቅ መነጽር ሸፍኖ፣ በሁለት እጆቹ አየሩን እየቀዘፈ፣ ጎንበስ ቀና ይላል። አንዴ ይስቃል፤ አንዴ «በግራህ ነው! በግራህ!» እያለ ይጮኻል። በክፍሉ ውስጥ ግን ከእርሱ በቀር ማንም የለም። አያቱ በሩ ላይ ቆመው ጥቂት ካዩት በኋላ ወደ እኔ ዘወር አሉና ዝቅ ባለ ድምፅ፣ «ልጄ፣ ዛር ይሆን እንዴ? ከማን ጋር ነው የሚያወራው?» ሲሉ ጠየቁኝ።

ልጁ የሚያወራው ከጓደኞቹ ጋር ነበር። እነርሱ በየቤታቸው ሆነው በስልካቸው እርሱ የሚያየውን ያያሉ፤ እርሱም ድምፃቸውን ይሰማል። ይሁን እንጂ የአያትየው ጥያቄ የሚያስቅ አይደለም። በዚህ አገር ልጅ የሚያሳድግ ወላጅ ሁሉ ሊጠይቀው የሚገባ ነው። መልሱን በሚገባ ለመረዳት ደግሞ ወደ ኋላ ተመልሶ ታሪኩን ማየት ይጠቅማል።

በመጀመሪያ ደረጃ፣ ሰው ሲጫወት ቆሞ ማየት ለእኛ አዲስ ነገር አይደለም። ገበጣን እናስታውስ። ሁለት ሰዎች መሬት ላይ በተቆፈሩ ወይም በእንጨት ላይ በተፈለፈሉ ጉድጓዶች ጠጠር እየዘሩ ሲጫወቱ፣ ዙሪያውን የሚቆመው ተመልካች ከተጫዋቾቹ ይበዛል። ተመልካቹም ዝም አይልም። ይመክራል፣ ይቆጥራል፣ ያጭበረበረውን ያጋልጣል። የታሪክ ተመራማሪው ሪቻርድ ፓንክረስት በ1971 ባሳተሙት ጥናት በኢትዮጵያና በአካባቢዋ አገሮች የሚገኙትን በርካታ የገበጣ ዓይነቶች መዝግበው አቆይተውልናል።

በከተማ ያደግንም ብንሆን ነገሩ ያው ነው። የጆተኒ ጠረጴዛ በየመንገዱ ዳር ሲቆም፣ ከረምቦላ ቤቱ ሲከፈት፣ ከ2000ዎቹ ወዲህ ደግሞ ፕሌይስቴሽን ቤቶች በአዲስ አበባ፣ በጎንደርና በሌሎች ከተሞች ሲስፋፉ፣ ሳንቲም ያለው ይጫወታል፤ የሌለው ከኋላው ቆሞ ያያል። አንድ ልጅ ይከፍላል፣ አምስት ልጆች ይዝናናሉ። ወላጅም ልጁ የት እንደዋለና ከማን ጋር እንደዋለ ለማወቅ ብቅ ብሎ ማየት ይበቃው ነበር። ካላየም ጎረቤት ይነግረዋል። ተመልካች ማለት እንግዲህ ታዳሚ ብቻ ሳይሆን ጠባቂም ነበር ማለት ነው።

አዲስ መሣሪያ ሲመጣ መደንገጥም ከእኛ አልተጀመረም። አፄ ምኒልክ ስልክ ወደ ኢትዮጵያ ባስገቡበት ዘመን፣ አካሉ የማይታይ ሰው ድምፅ ከዕቃ ውስጥ ሲወጣ የሰሙ አንዳንድ ሰዎች የሰይጣን ሥራ ነው ብለው እንደተቃወሙ በታሪክ ይነገራል። ንጉሡ ግን ሥራውን አላቆሙም፤ አዲስ አበባን ከሐረር ያገናኘው መስመር 477 ኪሎ ሜትር ርዝመት ነበረው። ከዚያም ሲኒማ መጣ። በአዲስ አበባ የመጀመሪያው ሲኒማ ቤት በሕዝቡ ዘንድ «ሰይጣን ቤት» ተብሎ ይጠራ ነበር። ዛሬ ስልኩም ፊልሙም በእያንዳንዳችን ኪስ ውስጥ ነው። ስለዚህ «ዛር ይሆን እንዴ?» ያሉት አያት፣ በዚያ ዘመን ከነበሩት ሰዎች የተለየ ነገር አልተናገሩም።

ወደ እስራኤል ስንመጣ ግን ሌላ ችግር ገጠመን፤ እርሱም መለያየት ነው። ከ1984 መጨረሻ እስከ 1985 መጀመሪያ በሱዳን በኩል በተካሄደው የሙሴ ዘመቻ ወደ 8,000 የሚጠጋ ሰው መጣ። በግንቦት 1991 በተካሄደው የሰሎሞን ዘመቻ ደግሞ በ36 ሰዓታት ውስጥ ከ14,000 በላይ ሰው ገባ። በየጊዜው ግን አንዱ ሲመጣ ሌላው ይቀር ነበር። እናት እዚህ፣ ልጅ እዚያ የሆነባቸው ቤቶች ብዙ ናቸው። ዛሬም አሉ። ያን ጊዜ መገናኛው ደብዳቤ ነበር፤ ማንበብ ለማይችሉት ደግሞ ድምፅ የተቀዳበት ካሴት። ስልክ መደወል ለሚፈልግ፣ በመጀመሪያ አሲሞን የሚባለው ቀዳዳ ያለው ሳንቲም፣ በኋላም ቴሌካርት ያስፈልገው ነበር። ከጎንደር የመጣውን ካሴት ለመስማት ዘመድ ሁሉ በአንድ ክፍል ተሰብስቦ ያለቅስና ይስቅ እንደነበረ የሚያስታውሱ ብዙዎች ናቸው።

በዚያው ዘመን፣ እኛ ሳናውቀው፣ ለዛሬው የልጆቻችን ጨዋታ መሠረት የሆነው ሥራ እዚሁ ቅርባችን ይሠራ ነበር። በየካቲት 1995 ቮካልቴክ የተባለው የእስራኤል ኩባንያ በኮምፒውተርና በኢንተርኔት ድምፅ የሚያስተላልፍ ፕሮግራም ለገበያ አቀረበ። መጀመሪያ ላይ አንዱ ሲናገር ሌላው ዝም ማለት ነበረበት፤ ቢሆንም ባሕር ማዶ ካለ ሰው ጋር ያለ ቴሌካርት መነጋገር ተቻለ። በ1996 ደግሞ ሚራቢሊስ በተባለ አነስተኛ ድርጅት ውስጥ የነበሩ ወጣት እስራኤላውያን አይሲኪው የተባለውን የመልእክት መለዋወጫ አወጡ። የስሙ ፊደላት በእንግሊዝኛ ሲነበቡ «እፈልግሃለሁ» የሚል ድምፅ ይሰጣሉ። ትልቁ ነገሩ፣ ጓደኛህ በዚያች ደቂቃ ኮምፒውተሩ ላይ መኖር አለመኖሩን ማሳየቱ ነበር። በ1998 የአሜሪካው አሜሪካ ኦንላይን 287 ሚሊዮን ዶላር በቅድሚያ ከፍሎ ገዛው። አይሲኪው በሰኔ 2024 ተዘጋ፤ ሐሳቡ ግን ዛሬ በምንጠቀምባቸው ሁሉ ውስጥ አለ። በታኅሣሥ 2010 የወጣውንና በኢትዮጵያም በሰፊው የታወቀውን ቫይበርን የመሠረቱትም እስራኤላውያን ናቸው።

የመነጽሩ ታሪክ ደግሞ በሌላ መንገድ የመጣ ነው። በ1968 ኢቫን ሰዘርላንድ የተባለው አሜሪካዊ የኮምፒውተር ሊቅ ከተማሪዎቹ ጋር ሆኖ ራስ ላይ የሚጠለቅ፣ ጭንቅላት በዞረ ቁጥር ሥዕሉም አብሮ የሚዞር መሣሪያ ሠራ። መሣሪያው ከባድ ስለነበረ ከጣሪያ ላይ ይንጠለጠል ነበር። በ1980ዎቹ ጄሮን ላኒየር «ቨርቹዋል ሪያሊቲ» የሚለውን ስም በዓለም ላይ አሳወቀ፤ በአማርኛ ምናባዊ እውነታ ልንለው እንችላለን። መሣሪያው ለተራ ሰው ኪስ እስኪቀርብ ድረስ ግን ሌላ 25 ዓመት ያህል ፈጀ። በ2012 ፓልመር ላኪ የተባለ ገና 20 ዓመት ያልሞላው ወጣት ኦኩለስ ለተባለው መነጽሩ ከሕዝብ 250,000 ዶላር ቢጠይቅ ወደ 2.4 ሚሊዮን ዶላር ተዋጣለት። በ2014 ፌስቡክ ድርጅቱን ወደ 2 ቢሊዮን ዶላር በሚጠጋ ዋጋ ገዛ። በግንቦት 2019 ደግሞ ያለ ኮምፒውተርና ያለ ሽቦ ለብቻው የሚሠራው ኩዌስት ወጣ። ልጆቻችን ዓይናቸው ላይ የምናየው የዚህ ዓይነቱ ነው።

እንግዲህ ችግሩ እዚህ ላይ ነው። ከገበጣ ጀምሮ እስከ ፕሌይስቴሽን ቤት ድረስ፣ ጨዋታው በተጫዋቹና በተመልካቹ መካከል ያለ ነገር ነበር። መነጽሩ ግን ተመልካቹን አስወጥቶ በሩን ዘጋ። ልጁ በአንድ ዓለም ውስጥ ነው፤ ቤተሰቡ የሚያየው አየር የሚመታ እጅ ብቻ ነው። በታሪካችን ምናልባት ለመጀመሪያ ጊዜ፣ ከጎን ቆሞ ማየት የማይቻልበት ጨዋታ ቤታችን ገባ።

ይህንን በር መልሶ የከፈተው የቀጥታ ሥርጭት ነው። በ2011 የጀመረው ትዊች ሰዎች የራሳቸውን ጨዋታ ለማያውቁት ሕዝብ ሁሉ የሚያሳዩበት አደባባይ ሆነ። በ2015 የወጣው ዲስኮርድ ደግሞ ለጓደኛሞች የተሠራ የመነጋገሪያ ቤት ነው። በነሐሴ 2019 ዲስኮርድ አንድ ተጫዋች ጨዋታውን እስከ 10 ለሚደርሱ ጓደኞቹ በቀጥታ የሚያሳይበትን መንገድ ከፈተ። በመጋቢት 2020 በኮሮና ምክንያት ትምህርት ቤቶች ሲዘጉና ልጆች ከቤት እንዳይወጡ ሲደረግ ቁጥሩን ወደ 50 ከፍ አደረገው። ዋትስአፕም በ2016 በምስል መነጋገርን፣ በ2023 ደግሞ የስልክን ገጽ ለሌላው ማሳየትን ጨመረ።

አሠራሩ ይህን ይመስላል። መነጽሩ ለእያንዳንዱ ዓይን ለየብቻ፣ በጥቂቱ የሚለያዩ ሁለት ሥዕሎች ያሳያል፤ ጥልቀት እንዳለ ሆኖ የሚታየን በዚህ ምክንያት ነው። ለጓደኛ በሚላክበት ጊዜ አንድ ጠፍጣፋ ሥዕል ብቻ ይወሰዳል፤ ተጨምቆና ቀልሎ በቤቱ ዋይፋይ ወደ ስልክ፣ ወደ ኮምፒውተር ወይም ወደ ቴሌቪዥን ይሄዳል፤ ከዚያም በመነጋገሪያው በኩል ለጓደኞች ይደርሳል። ትንሽ ይዘገያል። ተጫዋቹ ራሱን ባንቀሳቀሰ ቁጥርም ሥዕሉ ስለሚወዛወዝ ተመልካቹን ሊያዞረው ይችላል። ቢሆንም መነጽር የሌለው ጓደኛ በስልኩ ብቻ ማየት ይችላል። አንዱ ይጫወታል፣ አምስቱ ያያሉ። የፕሌይስቴሽን ቤቱ ሥርዓት ተመልሶ መጣ ማለት ነው።

ወደዚያ ቤት እንመለስ። ልጁ መነጽሩን አውልቆ ስልኩን ለአያቱ ሰጣቸው። በመርከዝ ክሊታ አብረውት ከነበሩት ጓደኞቹ አንዱ አሁን ናታንያ፣ ሌላው ቅርያት ጋት ይኖራሉ። ሦስተኛው ገና ተራውን እየጠበቀ ጎንደር ያለ የአክስቱ ልጅ ነው። አያትየው የእርሱን ድምፅ ሲሰሙ ስለ ዛር የጠየቁትን ረሱት። «አንተ ነህ? እናትህ ደህና ናት?» ብለው ጀመሩ፤ ጨዋታውም ለግማሽ ሰዓት ቆመ። በነሐሴ 2023 በአማራ ክልል የሞባይል ኢንተርኔት ተቋርጦ ለብዙ ወራት በቆየ ጊዜ ያ ልጅ ጠፍቶባቸው እንደነበረ እናትየው ቡናውን እየቀዱ ነገሩኝ።

እናትየው ሌላም ነገር ነገሩኝ። ልጃቸው በአዲሱ ትምህርት ቤት ገና ጓደኛ አላገኘም። ዕብራይስጡ ለክፍል ይበቃዋል፤ ለቀልድ ግን አይበቃውም። ማታ ማታ ሳቁን የሚሰሙት በዚያ መነጽር ሰዓት ብቻ ነው። «ልከለክለው አስቤ ነበር» አሉ፤ «ግን ያንን ሳቅ ከነጠቅሁት ምን እሰጠዋለሁ?»

ይህ ጥያቄ በብዙ አዲስ ገቢ ቤቶች ውስጥ ያለ ይመስለኛል። የምሰጠው ምክር አያቶቻችን በገበጣው ዙሪያ ያደርጉት የነበረውን ነው፤ ይኸውም ተመልካች መሆን። ልጃችሁ ለጓደኞቹ የሚያሳየውን ለእናንተም እንዲያሳይ ጠይቁት። የመነጽሩን ሥዕል ወደ ሳሎኑ ቴሌቪዥን ማስተላለፍ ይቻላል፤ እንዴት እንደሆነ ልጁ ራሱ ያውቃል። ቋንቋው ባይገባችሁም ከማን ጋር እንደሚያወራ ይገባችኋል። በሁለተኛ ደረጃ፣ ሥርጭቱ ለሚያውቃቸው ጓደኞች ብቻ ይሁን። በር ዘግቶ ከጓደኛ ጋር መጫወትና አደባባይ ላይ ቆሞ ለማንም መታየት ልዩነት አላቸው። ስሙን፣ አድራሻውን፣ ትምህርት ቤቱን ለማያውቀው ሰው እንዳይናገር ምከሩት። በሦስተኛ ደረጃ፣ ዕድሜ ወሰን አለው፤ ዲስኮርድ ከ13 ዓመት በታች አይፈቅድም፤ የኩዌስት አምራች ደግሞ ከ2023 ጀምሮ ከ10 እስከ 12 ዓመት ያሉትን የሚፈቅደው በወላጅ ቁጥጥር ሥር ብቻ ነው። በመጨረሻም፣ እነዚያ ጓደኞች አልፎ አልፎ በአካል ይገናኙ። ከናታንያ ፔታህ ቲክቫ ሩቅ አይደለም።

የሰፈራችን ስም ኤም ሃሞሻቮት «የሞሻቫዎች እናት» ማለት ነው፤ በ1878 ለተመሠረተችው ለፔታህ ቲክቫ የተሰጠ የክብር ስም ነው። እናት ደግሞ ልጇ ምን እንደሚጫወት ታውቃለች። ካላወቀችም ጠጋ ብላ ታያለች።

አያትየው አሁን ሐሙስ ማታ ማታ ከልጁ አጠገብ ወንበር ስበው፣ ስልኩን በእጃቸው ይዘው እንደሚቀመጡ ሰምቻለሁ። ስለ ጨዋታው ያላቸውን አስተያየት ስጠይቃቸው፣ «ልጁ ይቸኩላል፤ ገበጣ ቢማር ይሻለው ነበር» አሉኝ። ቀኙን ግራውን ግን እየጮኹ ይነግሩታል አሉ።