ወንዳገረድና ዜጋ፤ የሁለት ስሞች ታሪክ

በጎንደር ደጋ፥ ከዳባትና ከደባርቅ አንሥቶ እስከ ስሜን ተራራ ግርጌ ባለው አገር፥ እርሻና ሽመና የወንድ፥ ፈትል የሴት ሥራ ሆኖ ኖሯል። ስለዚህ እንዝርት የያዘ ወንድ ከሩቅ ይታወቃል። አሜሪካዊው የባህል አጥኚ ሳይመን ሜሲንግ ስለ ደጋው ዐማራ በ1957 ባቀረበው ጥናት (ዓመታቱ ሁሉ በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው) እንዲህ ያሉትን ሰዎች ሳይጠቅስ አላለፈም። ሕዝቡ «ወንዳገረድ» ሲል ፈጣሪ የሳተባቸው አድርጎ ይቈጥራቸው፥ ዘመዶቻቸውም እያፈሩ፥ ግን እየራሩ፥ ከሴቶች ጋራ ውለው ጥጥ እንዲፈትሉ ይተዉአቸው ነበር። «ወንዳወንዴ» የተባሉት ሴቶች ግን ይህን ያህል ትዕግሥት አላገኙም።

ይህ ትዕግሥት ዋጋ ነበረው፤ ይኸውም ጉድለተኛ መባልን መቀበልና ስለ ራስ አለመናገር ነው። በዚያው በ1957 የወጣው የወንጀለኛ መቅጫ ሕግ በ600ኛው አንቀጽ በተመሳሳይ ፆታ መካከል የሚፈጸመውን ሩካቤ በእስራት ቀጣ፤ የ2004ቱም ሕግ በ629ኛው አንቀጽ አጸናው። ጎረቤት ያለፈውን ሕግ ያዘው።

ኋላም በአዲስ አበባ እነዚህ ሰዎች እርስ በርሳቸው «ዜጋ» መባባልን ለመዱ። ወንዳገረድ ርኅራኄን የሚጠብቅ ስም ነው፤ ዜጋ ግን ምንም እንኳ በሹክሹክታ ቢነገር መብትን የሚጠይቅ ነው። ከዚህ ላይ መንገዱ ለሁለት ይከፈላል። አንዱ ወገን በኤድስ መከላከያ ሥራ ተጠግቶ፥ ድምፁን ሳያሰማ፥ ሕክምና ማግኘትን ይመርጣል። ሌላው፥ ይልቁንም በስደት ያለው፥ እንደ «ሃውስ ኦፍ ጉራማይሌ» ያለ ማኅበር አቁሞ በአደባባይ ይናገራል።

ክርክሩ የእኛ ብቻ አይደለም። በ1965 በአሜሪካ ሰልፍ የወጡት ወንዶች ከረባት አስረው፥ ሴቶቹ ቀሚስ ለብሰው፥ ከሌላው ሰው እንደማይለዩ ለማሳየት ጣሩ። ከ1969ኙ የስቶንዎል ዐመፅ በኋላ የተነሡት ግን ሌላውን መምሰልን ናቁ።

በእኛ ዘንድ ጥያቄው አደጋው በማን ላይ ይወድቃል የሚል ነው። በውጭ አገር የተነገረ ቃል የሚያስቈጣው ሕዝብ አገር ቤት ያለውን ነው የሚያገኘው። ሆኖም ዝም ያለውም አልዳነም። በ2011 በአዲስ አበባ ከአፍሪካ የኤድስ ጉባኤ አስቀድሞ የተጠራውን የጤና ስብሰባ የሃይማኖት አባቶች ተቃወሙት፤ በ2023 ነሐሴም የከተማው ባለሥልጣኖች በሆቴሎችና በመጠጥ ቤቶች ላይ እርምጃ መውሰድ ጀመሩ። በዝምታ የተገዛው የጥንቱ ትዕግሥት፥ ሕግ በመጣ ጊዜ ምስክር ሆኖ አልቆመም።