ቀዳዳ የሌለው ንጉሥና የዎንቶን ሾርባ

ዓለም «ዎንቶን» ብሎ የሚያውቀውን ምግብ የሰሜን ቻይና ሰዎች «ሁንዱን» ይሉታል። ሥጋ በስስ ሊጥ ተጠቅልሎ በትኩስ መረቅ የሚቀርብ ተራ የቤት ምግብ ነው። ስሙ ግን ተራ አይደለም። በጽሕፈት ምልክቱ ቢለይም በድምፁ፣ ሰማይና ምድር ከመለያየታቸው በፊት ነበረ ከሚባለው ቅርጽ አልባ ድብልቅ፣ ከጥንተ ዓለሙ «ሁንዱን» ጋር ይመሳሰላል። አንድ ሕዝብ የፍጥረትን መነሻና የእራቱን ሾርባ በተቀራራቢ ድምፅ ሲጠራ፣ ነገሩን ዝም ብሎ ማለፍ ይከብዳል።

ከክርስቶስ ልደት በፊት በ4ኛው መቶ ዓመት በኖረው ፈላስፋ በዧንግ ዚ ስም የሚጠራ መጽሐፍ አለ። በሰባተኛው ምዕራፉ መጨረሻ ስለ ሁንዱን አንድ አጭር ተረት ሰፍሮ እናገኛለን። የደቡብ ባሕር ንጉሥና የሰሜን ባሕር ንጉሥ፣ በመካከለኛው ምድር ንጉሥ በሁንዱን ዘንድ እየተገናኙ በክብር ይስተናገዱ ነበር። ሁንዱን ዓይን፣ ጆሮ፣ አፍም አፍንጫም አልነበረውም። እንግዶቹ ውለታውን ለመመለስ ሽተው፣ እንደ ሰው ሁሉ ሰባት ቀዳዳ እንዲኖረው በየቀኑ አንድ አንድ ይበሱለት ጀመር። በሰባተኛው ቀን ሁንዱን ሞተ። በደግነት የተጀመረ ሥራ በግድያ ተፈጸመ።

ምግቡም በዕድሜ የዋዛ አይደለም። በሰሜን ምዕራብ ቻይና፣ በቱርፋን አጠገብ በሚገኘው የአስታና መካነ መቃብር፣ በታንግ ሥርወ መንግሥት ዘመን (618–907) ከሙታን ጋር የተቀበሩ በሊጥ የተጠቀለሉ ምግቦች የበረሃው ድርቀት ጠብቋቸው ተገኝተዋል።

ከሁሉ ይልቅ ልብ የሚነካው ግን የዡ ሚ ምስክርነት ነው። ዡ ሚ የደቡባዊው ሶንግ መንግሥት ሰው ነበር። መናገሻይቱ ሃንግዡ በ1276 በሞንጎሎች እጅ ከወደቀች በኋላ፣ የጠፋውን ዓለሙን ከትዝታው እየለቀመ ጻፈ። በታኅሣሥ ወር፣ ሌሊቱ ከዓመቱ ሁሉ በሚረዝምበት ዕለት፣ የከተማይቱ ሰዎች ለሞቱ አባቶቻቸው ሁንዱን ያቀርቡ እንደነበር መዝግቧል። ባለጸጎቹ ደግሞ በአንድ ዕቃ ከአሥር የሚበልጥ ዓይነት አኑረው «ባለ መቶ ጣዕም» ይሉት ነበር። መንግሥቱ ፈረሰ፤ የሾርባው ትዝታ ግን በብዕር ተረፈ። ልማዱም አልጠፋም። በ20ኛው መቶ ዓመት መባቻ የቤጂንጉ ጸሐፊ ዱንቾንግ፣ ሁንዱን በዚያ ዕለት የሚበላው ዕንቁላል መሳይ ቅርጹ ሰማይና ምድር ያልተለዩበትን ጊዜ ስለሚያስታውስ ነው ሲል አብራርቷል።

ምግቡ ወደ ደቡብ ሲወርድ ስሙ ተለወጠ። የጓንግዶንግ ሰዎች «ደመና» እና «መዋጥ» የሚል ትርጉም ባላቸው ሁለት ምልክቶች ይጽፉታል፤ «ዎንቶን» የሚለውን አጠራር ዓለም የወሰደው ከእነርሱ ነው። በሲቹዋን ደግሞ ስሙ የተጣጠፈ ክንድን ያመለክታል፤ የሊጡ ጫፎች ብርድ እንደያዘው ሰው ክንዶች ደረት ላይ ይቆላለፋሉና።

ምግቡን በቤት የሠራ ሰው ተረቱን በእጁ ይረዳዋል። የፉርኖ ዱቄት ከዕንቁላል፣ ከውኃና ከጨው ጋር ታሽቶ ግማሽ ሰዓት ያርፋል፤ ያላረፈ ሊጥ ሲዳምጡት ይሸሻል። ከዚያም ብርሃን እስኪያሳልፍ ተዳምጦ፣ ጎኑ 9 ሳንቲ ሜትር በሆነ አራት ማዕዘን ይቆረጣል። የተፈጨ ሥጋ (በባህሉ የአሳማ፣ ለማይበላው የዶሮ) ከሽሪምፕ፣ ከዝንጅብል፣ ከሽንኩርት ቅጠል፣ ከሶያ ሶስና ከሰሊጥ ዘይት ጋር እስኪጣበቅ ይማሰላል። ከዚህ አንድ የሻይ ማንኪያ መሀል ላይ ተቀምጦ፣ ጠርዙ በውኃ ረጥቦ፣ አየሩ በጣት ተገፍቶ ይዘጋል። የሚቀቀለውም በመረቁ ሳይሆን በሌላ ድስት ነው፤ የሊጡ ዱቄት መረቁን እንዳያደፈርሰው።

ጭንቁ ሁሉ ያለው በመዝጋቱ ላይ ነው። ውስጥ የቀረ አየር ሲግል ይነፋና ሊጡን ይቀደዋል። አንዲት ቀዳዳ ትበቃለች፤ ሥጋው ይበተናል፣ ጣዕሙ ወደ ውኃው ይሄዳል፣ የሚተርፈው ባዶ ሊጥ ነው። ሰባት ቀን እንኳ አይፈጅም። ሁለቱ ነገሥታት ያልገባቸው ይህ ነበር፤ ሙሉ የሆነ ነገር ሁሉ መከፈት አያሻውም። ያልተበሳው ዎንቶን ጥቂት ሰምጦ ይቆይና፣ ደቡቦቹ እንደሰየሙት፣ ደመና መስሎ ወደ ላይ ይንሳፈፋል።