ኸርማን ሮብሌስ፥ የሜክሲኮው ደም መጣጭ መስፍን

እ.ኤ.አ. በ1929 በእስፓኝ አገር በኺኾን ከተማ ተወልዶ፥ ከእርስ በርሱ ጦርነት በኋላ በስደት ወደ ሜክሲኮ የተሻገረው ኸርማን ሮብሌስ፥ በ1957 ፈርናንዶ ሜንዴስ ባዘጋጀው «ኤል ባምፒሮ» በተባለው ፊልም የደም መጣጩን የካውንት ላቩድን ገጸ ባሕርይ ለብሶ በታየ ጊዜ ዝናው በአንድ ጀምበር ገነነ። ቤላ ሉጎሲ በ1931 በ«ድራኩላ» ፊልም ያላሳየውን ረጅም ክራንቻ፥ ጥቁር ካባ የደረበው ሮብሌስ፥ ከንፈሩን ገለጥ አድርጎ ለተመልካች አሳየ፤ ይህም ክሪስቶፈር ሊ በእንግሊዝ ድራኩላን ሆኖ ከመታየቱ በፊት መሆኑ ሊዘነጋ አይገባም።

ከዚያም በኖስትራዳሙስ ተከታታይ ፊልሞች ዳግመኛ ደም መጣጭ ሆነ፤ በመድረክም «ላ ዳማ ደ ኔግሮ» በተሰኘው ተውኔት ለብዙ ዘመን አገለገለ፤ ድምፁንም «ናይት ራይደር» በተባለው የቴሌቪዥን ድርሰት የእስፓኝኛ ቅጂ ለተናጋሪዋ መኪና አዋሰ። በ2015 ያረፈው ይህ ሰው፥ አስፈሪነትን ከጩኸት ይልቅ በመኳንንት ርጋታ የገለጠ የጥበብ ሊቅ ነውና፥ ምስጋናና ክብር በእውነት ይገባዋል።