ዜና ኡሪ ዞሃር፦ ሲኒማን ትቶ ስለ መነነው ሰው

እንግዲህ የኡሪ ዞሃርን ዜና እንጽፋለን። ዘመኑ ሁሉ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ነው።

አገሩ ገና በእንግሊዞች እጅ ሳለ፣ በኖቬምበር 4 ቀን 1935 ከፖላንድ ከመጡ ወላጆች በቴል አቪቭ ተወለደ። ለአቅመ አዳም ሲደርስ ወደ ሠራዊቱ ገባ፤ ሥራው ግን ናሃል በሚባለው የጦር ክፍል የኪነት ቡድን ውስጥ ወታደሩን ማሳቅ ሆነ። ከዚያም ወጥቶ «አረንጓዴ ሽንኩርት» ከሚባለው ቡድን ጋር በመድረክ ላይ ቆመ፤ በኢየሩሳሌምም ፍልስፍና ተማረ።

በዚያን ጊዜ የእስራኤል ሲኒማ ሥራው አገሩን ማወደስ ነበር። ድንጋይ የሚፈነቅል ገበሬ፣ ዘብ የሚቆም ጎልማሳ፣ በረሃው ሲለመልም፤ ሌላ ነገር አይታይም። ዞሃር በ1960ዎቹ አጋማሽ «ቀዳዳ በጨረቃ ላይ» የሚለውን ፊልም ሠርቶ በዚህ ሁሉ ላይ ሳቀ። በፊልሙ ዘልኒክ የሚባል ሰው ወደ አገሩ መጥቶ ሰው በሌለበት በረሃ ኪዮስክ ይከፍታል። በማግስቱ ሌላው፣ ሚዝራሂ፣ ፊት ለፊቱ ሌላ ኪዮስክ ይከፍታል። ገዢ ስለሌለ እርስ በርሳቸው ይገበያያሉ፤ በኋላም በአሸዋው መካከል የፊልም ከተማ እንሥራ ብለው ይነሣሉ። ዘልኒክን የተጫወተው ዞሃር ራሱ ነው። ተመልካቹ ግን ብዙም አልመጣለትም። ስለዚህ ለእንጀራው ሲል ሕዝብ የሚወዳቸውን ኮሜዲዎችም ሠራ፤ በእነርሱ ላይ አንዘገይም።

በ1967 ከአብርሃም ቢ. የሆሹዋ ታሪክ ወስዶ «ሦስት ቀንና አንድ ልጅ» የሚለውን ሠራ። ፊልሙ በካን ፌስቲቫል ለውድድር ቀረበ፤ ተዋናዩ ኦዴድ ኮትለርም የምርጥ ተዋናይነትን ሽልማት ተቀበለ። ይህ ለእስራኤል ሲኒማ ትልቅ ክብር ሆነ።

ከዘፋኙ ከአሪክ አይንስታይን ጋርም የማይለያዩ ወዳጆች ነበሩ። «ሉል» በተባለው የቴሌቪዥን ዝግጅታቸው ውስጥ ስለ አሊያ፣ ማለትም ስለ አይሁድ ወደ እስራኤል መፍለስ፣ የሠሩት አጭር ጨዋታ እስከ ዛሬ አልተረሳም። ሁለቱ ልብስና አነጋገር እየለዋወጡ ከባሕሩ ዳር ይወርዳሉ፦ መጀመሪያ ከሩሲያ እንደመጡ፣ ቀጥሎ ከፖላንድ፣ ከየመን፣ ከጀርመን፣ ከሞሮኮ እያሉ። አዲስ የመጣው ሁሉ በሐሴት መሬቱን ሲረግጥ፣ ቀድሞት የደረሰው አፍንጫውን ነፍቶ ይረግመዋል። የተረገመውም በተራው ቀጥሎ የሚመጣውን ይረግማል። ይህ በ1970ዎቹ መጀመሪያ ተሠራ፤ ቤተ እስራኤል በዘመቻ ሙሴና በዘመቻ ሰሎሞን ከመምጣታቸው አስቀድሞ ማለት ነው። ያን ጨዋታ ዛሬ የሚያይ ኢትዮጵያዊ እስራኤላዊ ግን የራሱ ተራ የጎደለ መስሎ አይታየውም።

በ1972 «መጺጺም» ወጣ። ጉቴ የሚባል፣ ዕድሜው የገፋ የባሕር ዳር ሠራተኛ አለ፤ ይህን የተጫወተው ዞሃር ነው። በመታጠቢያው ቀዳዳ ሴቶችን አጮልቀው የሚያዩ ጎረምሶችን ሲያባርር ይውላል። ወዳጁ ኤሊ ደግሞ፣ ይህም አይንስታይን ነው፣ ሚስትና ልጅ እያለው ሌሎችን ሴቶች ይዞ ወደ ጉቴ ጎጆ ይመጣል። ሁለቱም ማደግ እምቢ ያሉ ናቸው። በወቅቱ ፊልሙ ገበያ አላገኘም፤ በኋላ ግን አገሩ ሁሉ በቃሉ የሚያውቀው ሆነ፤ በቴል አቪቭም አንዱ የባሕር ዳርቻ በስሙ ተጠራ። በ1974 ከደራሲው ከያዕቆብ ሻብታይ ጋር ጽፎ «ትልልቅ ዓይኖች»ን አወጣ፤ በዚህም ለሚስቱም ለወዳጁም የሚዋሽ የቅርጫት ኳስ አሠልጣኝ ሆነ። ተመልካቹ ሳቀ፤ እኔ ግን ይህን ፊልም ኑዛዜ እለዋለሁ።

በ1976 የእስራኤል ሽልማት ተሰጠው፤ አልቀበልም አለ። በ1977 «አዳኙን አድኑት» የሚለውን አወጣ። በዚያው ዓመት በሚመራው የቴሌቪዥን ውድድር ላይ የአይሁድ አማኞችን ቆብ፣ ኪፓን፣ አድርጎ ብቅ አለ። ተመልካቹም ዞሃር ሌላ ቀልድ አመጣ ብሎ ጠበቀ። ቀልድ ግን አልነበረም። ፊልሙን፣ መድረኩን፣ ጭፈራውን ትቶ በኢየሩሳሌም ኦሪት ለመማር ተቀመጠ፤ ጢሙን አሳደገ፤ በኋላም ራቢ ተባለ። የእኛ ሰው ሲመንን ቤቱንና ትዳሩን ጥሎ ነው፤ ዞሃር ግን ቤተሰቡን ይዞ ገባ። ካሜራውንም ፈጽሞ አልረሳውም፤ ለሃይማኖታዊው የሻስ ፓርቲ የምርጫ ቅስቀሳ ፊልሞችን አዘጋጅቶለታል።

አይንስታይን በዞሃር መመነን እጅግ አዘነ፤ ስለ ወዳጁ መሄድም ዘፈነ። የአይንስታይን የመጀመሪያ ሚስትም በዞሃር መንገድ ወደ ሃይማኖት ተመለሰች፤ ሁለቱ ሴቶች ልጆቿም የዞሃርን ሁለት ወንዶች ልጆች አገቡ። እንዲህም ሆኖ ዘፋኙና ራቢው አማቾች ሆኑ፤ የጋራ የልጅ ልጆችም አገኙ። አይንስታይን በ2013 ሞተ።

ራቢ ኡሪ ዞሃርም በ86 ዓመቱ በጁን 2 ቀን 2022 በኢየሩሳሌም ዐረፈ። ታላቅ ችሎታ ባከነ የሚሉ አሉ። አንባቢ ሆይ፣ ከእነርሱ ጋር ከመፍረድህ በፊት «ትልልቅ ዓይኖች»ን ፈልገህ ተመልከት፤ ሰውዬው በመጨረሻ ወዴት እንደሚሄድ ቀድሞ ተናግሮ ነበርና።