ራይሳ ስሜታኒና ማን ናት? በ5 ኦሎምፒክ 10 ሜዳሊያ የወሰደችው ሴት

ጳጉሜ 6 ቀን የተወለደ ሰው ታውቃላችሁ? ልደቱ የሚመጣው በ4 ዓመት አንዴ ነው። በፈረንጆቹ አቆጣጠር ደግሞ ፌብሩዋሪ 29 የተወለደ ሰው እንደዚያው ነው። የዛሬዋ ባለታሪካችን ራይሳ ስሜታኒና የተወለደችው በዚህ ቀን፣ እ.ኤ.አ. ፌብሩዋሪ 29 ቀን 1952 ነው። (ከዚህ በታች የምንጠቅሳቸው ዓመቶች በሙሉ በፈረንጆቹ ናቸው።)

ስሟን ሰምታችሁት ላታውቁ ትችላላችሁ። እኛ ሀገር ስፖርት ሲባል ወሬው ኳስና ሩጫ ነው፤ በረዶ ላይ የሚደረግ ውድድር ብዙም አይወራም። ግን ይቺ ሴት ከ1976 እስከ 1992 ድረስ በ5 ተከታታይ የክረምት ኦሎምፒኮች ላይ ሜዳሊያ ወስዳለች። በድምሩ 10 ሜዳሊያ፦ 4 ወርቅ፣ 5 ብርና 1 ነሐስ። በክረምት ኦሎምፒክ ታሪክ 10 ሜዳሊያ የደረሰች የመጀመሪያዋ ሰው እሷ ናት። ወንዶቹም ቢሆኑ ከእሷ በፊት እዚያ የደረሰ አልነበረም።

እና ታሪኳ የሜዳሊያ ቆጠራ ብቻ አይደለም። በመካከሉ ከቡድን መቀነስ አለ፣ የስፖርቱ ሕግ መቀየር አለ፣ የምትወዳደርለት ሀገር መፍረስም አለ። እስኪ ከመጀመሪያው እንጀምር።

ስፖርቱ ምንድን ነው?

ክሮስ ካንትሪ ስኪ ይባላል፤ አገር አቋራጭ የበረዶ ሸርተቴ ማለት ነው። በፊልም እንደምናየው ከተራራ አናት ወደ ታች መወርወር ብቻ አይምሰላችሁ። ሜዳውም፣ ቁልቁለቱም፣ ዳገቱም አለ። ተወዳዳሪዋ እግሯ ላይ ረጅምና ቀጭን ሸርተቴ አስራ፣ በሁለት እጇ ዱላ ይዛ በራሷ ጉልበት ነው የምትሄደው። እግርም ክንድም እኩል ይሠራል። ሳንባና ልብን በመፈተን ከስፖርቶች ሁሉ ከባዶቹ ውስጥ ይመደባል። የረጅም ርቀት ሩጫ ለሚወድ ሰው ነገሩ ቶሎ ይገባዋል።

በዚያ ዘመን የግል ውድድሮች የሚካሄዱት ከሰዓት ጋር ነበር። ሁሉም አብረው አይነሱም፤ በተወሰነ የሴኮንድ ልዩነት አንድ በአንድ ይለቀቃሉ። ስለዚህ ዋናዋ ተፎካካሪሽ ጎንሽ የለችም። አሸንፈሽ ይሁን ተሸንፈሽ የምታውቂው ሁሉም ገብተው ሰዓቱ ሲነጻጸር ነው። ይሄን ያዙልን፤ ቀጥሎ የሚመጡትን ቁጥሮች ለመረዳት ይጠቅማል።

ከአጋዘን እረኞች ቤት

ራይሳ የተወለደችው ሞኽቻ በምትባል መንደር ነው። መንደሯ በሰሜን ሩሲያ፣ በኮሚ ሪፐብሊክ ውስጥ ትገኛለች። ኮሚዎች የራሳቸው ቋንቋ ያላቸው ሕዝብ ናቸው፤ ቋንቋቸው ከሩሲያኛ ይልቅ ከፊንላንድ ቋንቋ ጋር የሩቅ ዝምድና አለው። በዚያ አካባቢ የቆየው የኑሮ ዘዴ የበረዶ አጋዘን ማርባት ነው፤ የራይሳም ቤተሰብ ከአጋዘን እረኞች ወገን ነው።

ክረምቱ ረጅም በሆነበት በዚያ ሀገር ሸርተቴ ማለት መጀመሪያ ነገር መንገድ መሄጃ ነው። እኛ ጋ የገጠር ልጅ ወደ ትምህርት ቤት እንደሚሮጠው፣ እዚያ ደግሞ በሸርተቴ ይኬዳል። ሻምፒዮን ከእንዲህ ያለ ቦታ መውጣቱ ለኛ አዲስ ነገር አይደለም፤ በቆጂን ማሰብ ይበቃል።

የሶቭየት ኅብረት ቡድን ውስጥ መግባት ግን ቀላል አልነበረም። የዘመኑ ንግሥት ጋሊና ኩላኮቫ ነበረች፤ በ1972ቱ የሳፖሮ ኦሎምፒክ 3 ወርቅ ጠራርጋ የወሰደችው። ራይሳ በ1974 በስዊድኗ ፋሉን በተካሄደው የዓለም ሻምፒዮና ከኩላኮቫ ጋር በዱላ ቅብብል ቡድን ተሰልፋ ወርቅ ወሰደች። ያኔ ዕድሜዋ 21 ነበር።

ኢንስብሩክ 1976፦ ከ1 ሴኮንድ በታች

የመጀመሪያ ኦሎምፒኳ በኦስትሪያዋ ኢንስብሩክ ነበር። በ5 ኪሎ ሜትር ፊንላንዳዊቷ ሄለና ታካሎ አንደኛ፣ ራይሳ ሁለተኛ ወጡ። በመካከላቸው የነበረው ልዩነት 1 ሴኮንድ ገደማ ነው።

ከ3 ቀን በኋላ 10 ኪሎ ሜትር መጣ። አሁን ደግሞ ተገላቢጦሽ ሆነ። ራይሳ አንደኛ፣ ታካሎ ሁለተኛ። ልዩነቱስ? 0.87 ሴኮንድ! 30 ደቂቃ ሙሉ በበረዶ ላይ ለፍቶ፣ ወርቅና ብርን የለየው ከ1 ሴኮንድ ያነሰ ጊዜ ነው። በዱላ ቅብብሉም ሶቭየት ኅብረት ወርቅ ወሰደች። ባጭሩ በመጀመሪያው ኦሎምፒክ 2 ወርቅና 1 ብር።

ያ ኦሎምፒክ ሌላም ነገር ይታወስበታል። በ5 ኪሎ ሜትር ሦስተኛ የወጣችው ኩላኮቫ ኤፌድሪን የተባለ የተከለከለ ንጥረ ነገር ተገኝቶባት ነሐሷን ተነጠቀች። ምክንያቱ ለጉንፋን የተጠቀመችው የአፍንጫ መድኃኒት ነበር። በቀሩት ውድድሮች እንድትሳተፍ ግን ተፈቀደላት። ሜዳሊያው ለቡድን ጓደኛዋ ለኒና ባልዲቼቫ ተላለፈ። የራይሳ ስም በዚህ ጉዳይ የለበትም፤ ግን ስፖርቱ ከዶፒንግ ጋር ያለው ጣጣ ዛሬ የተጀመረ እንዳልሆነ ያሳያል።

ብር፣ ብር፣ አሁንም ብር

በ1980 ሌክ ፕላሲድ (አሜሪካ) ራይሳ 5 ኪሎ ሜትሩን አሸነፈች። ሁለተኛ የወጣችው አሁንም ፊንላንዳዊት ናት፤ ሂልካ ሪሂቩኦሪ። በዱላ ቅብብሉ ግን ምሥራቅ ጀርመን ቀደመቻቸውና ብር ሆነ።

በ1982 ኦስሎ ላይ በ20 ኪሎ ሜትር የዓለም ሻምፒዮን ሆነች። እና ለ1984ቱ የሳራዬቮ ኦሎምፒክ ስትሄድ ዕድሜዋ ወደ 32 እየተጠጋ ነበር። 20 ኪሎ ሜትር ለሴቶች በኦሎምፒክ ሲካሄድ ያኔ የመጀመሪያው ነው። ያቺ ርቀት ለእሷ የተሠራች ትመስል ነበር።

ግን ሳራዬቮ የሌላ ሰው ኦሎምፒክ ሆነ። ፊንላንዳዊቷ ማርያ ሊሳ ሃማላይነን 5ቱንም፣ 10ሩንም፣ 20ውንም ኪሎ ሜትር ጠቀለለቻቸው። ራይሳ በ10ሩም በ20ውም ከኋላዋ ሁለተኛ። የዱላ ቅብብል ቡድኑ ደግሞ 4ኛ ወጥቶ ከሜዳሊያ ውጪ ሆነ።

የሚገርመው ነገር፣ በየዘመኑ ከፊቷ የሚቆሙት ፊንላንዳውያን መሆናቸው ነው። ታካሎ፣ ሪሂቩኦሪ፣ ሃማላይነን። ቋንቋቸው ከኮሚ ቋንቋ ጋር የሩቅ ዘመድ የሆነ ሴቶች።

ስፖርቱ ተቀየረ፤ እሷስ?

በ1980ዎቹ አጋማሽ አንድ ትልቅ ለውጥ መጣ። እስከዚያ ድረስ ሸርተቴ የሚኬደው በረዶው ላይ በተሠሩ ሁለት ትይዩ መስመሮች ውስጥ፣ እንደ እርምጃ ወደፊት እየገፉ ነበር። ይሄ ክላሲክ ይባላል። አዲሱ ስልት ግን እግርን ወደ ጎን እየገፉ መሄድ ነው፤ በጎማ ጫማ አስፋልት ላይ እንደሚንሸራተቱ ልጆች ማለት ነው። ይሄኛው ይፈጥናል። ብዙ ክርክር ከተነሳ በኋላ ሁለቱ ስልቶች ተለያይተው የየራሳቸው ውድድር ተሰጣቸው። በኦሎምፒክ ደረጃ ይሄ ለመጀመሪያ ጊዜ የታየው በ1988 በካናዳዋ ካልጋሪ ነው።

እንግዲህ አስቡት። ከልጅነትሽ ጀምሮ በአንድ ስልት አድገሽ፣ በእሱ ሻምፒዮን ሆነሽ፣ 30ን ካለፍሽ በኋላ "አሁን ደግሞ በሌላ" ትባያለሽ። ብዙዎቹ የእሷ ትውልድ ተወዳዳሪዎች በዚያ ወቅት መድረኩን ለቀው ነበር።

ራይሳ ካልጋሪ ተገኘች። በ10 ኪሎ ሜትር ክላሲክ ብር ወሰደች፤ አንደኛ የወጣችው ያኔ ለሶቭየት ኅብረት የምትወዳደረው ሊትዌኒያዊቷ ቪዳ ቬንጽዬኔ ናት። ቀጥሎ ዱላ ቅብብሉ ደረሰ፤ በአዲሱ ስልት። አሠልጣኞቹ 4 ሴቶች መረጡ። ራይሳ የለችበትም። ቡድኑ ያለ እሷ ሄዶ ወርቅ ወሰደ።

ከ4 ቀን በኋላ 20 ኪሎ ሜትር ነበር፤ ይሄም በአዲሱ ስልት። ታማራ ቲኾኖቫ አንደኛ፣ አንፊሳ ሬዝጾቫ ሁለተኛ፤ ሁለቱም ከወርቃማው የዱላ ቅብብል ቡድን ውስጥ ነበሩ። ሦስተኛዋስ? 36 ዓመት ሊሞላት 4 ቀን የቀራት ራይሳ ስሜታኒና። መልሱን በአፏ መስጠት አላስፈለጋትም።

ሀገር የሌለው ቡድን

ካልጋሪ ላይ 9 ሜዳሊያ ደርሳ ነበር። ከእሷ በፊት በክረምት ኦሎምፒክ ከፍተኛው ቁጥር የስዊድናዊው ሲክስተን የርንበሪ 9 ነበርና እኩል ሆኑ። እዚህ ላይ ብታቆም ማንም አይወቅሳትም። አላቆመችም። በ1991 በጣሊያኗ ቫል ዲ ፊየሜ የዓለም ሻምፒዮና በዱላ ቅብብል ወርቅ ወሰደች።

በዚያው ዓመት ዲሴምበር ላይ ሶቭየት ኅብረት ፈረሰች። የፈረንሳዩ የአልቤርቪል ኦሎምፒክ ሊጀመር የቀረው ከሁለት ወር ያነሰ ጊዜ ነበር። ሩሲያ፣ ዩክሬን፣ ቤላሩስና ካዛክስታንን የመሳሰሉ ሀገሮች አትሌቶች "የተባበረው ቡድን" በሚል ስም በአንድ ላይ ገቡ። ባንዲራቸው የኦሎምፒክ ባንዲራ፣ መዝሙራቸውም የኦሎምፒክ መዝሙር ሆነ። ካልጋሪ ላይ ራይሳን የቀደመቻት ቬንጽዬኔ ደግሞ ለገዛ ሀገሯ ለሊትዌኒያ ነው የተሰለፈችው።

ፌብሩዋሪ 17 ቀን 1992፣ 4 ጊዜ 5 ኪሎ ሜትር ዱላ ቅብብል። የተባበረው ቡድን አሰላለፍ ይሄ ነው፦ የሌና ቫልቤ፣ ራይሳ ስሜታኒና፣ ላሪሳ ላዙቲና፣ ሊዩቦቭ የጎሮቫ። ሦስቱ በ20ዎቹ ውስጥ ያሉ ወጣቶች ናቸው። ራይሳ ኢንስብሩክ ላይ የመጀመሪያ ወርቋን ስትወስድ ቫልቤ ገና የ7 ዓመት ልጅ ነበረች! አሁን ቫልቤ ጀመረችና ለራይሳ አስረከበች፣ ራይሳ ለላዙቲና፣ ላዙቲና ለየጎሮቫ። ኖርዌይን ከ20 ሴኮንድ በላይ ቀድመው ገቡ። ጣሊያን ሦስተኛ።

አሥረኛው ሜዳሊያ ወርቅ ሆነ። 40 ዓመት ሊሞላት 12 ቀን ብቻ ነበር የቀራት። በጊዜው በክረምት ኦሎምፒክ ወርቅ ካገኙ ሴቶች ሁሉ በዕድሜ ትልቋ ሆነች።

ወደ ልደቷ ጉዳይ እንመለስ። በየ4 ዓመቱ የሚመጣውን እውነተኛውን ቀን ብቻ ከቆጠርን፣ ፌብሩዋሪ 29 ቀን 1992 ያከበረችው 10ኛ ልደቷን ነው። 10 ልደት፣ 10 ሜዳሊያ።

ሪከርዱ ስንት ጊዜ ቆየ?

ከወንድም ከሴትም አንደኛ ያደረጋት ቁጥር እስከ 1998 ቆየ፤ ያኔ ኖርዌያዊው ቢዮርን ዴሊ 12 ደርሶ አለፋት። የሴቶቹን ግን ማንም ማለፍ አቃተው። ጣሊያናዊቷ ስቴፋኒያ ቤልሞንዶ በ2002፣ ኖርዌያዊቷ ማሪት ቢዮርገን በ2014 እኩል 10 ደረሱ። ቢዮርገን በ2018 ፒዮንግቻንግ ላይ 11ኛውን አግኝታ እስክታልፋት ድረስ 26 ዓመት ሙሉ ከራይሳ በላይ የወጣች ሴት አልነበረችም። ቢዮርገን በ15 ጨረሰች።

ራይሳን በተወለደችበት ሀገር አልረሷትም። በኮሚ ዋና ከተማ በሲክቲቭካር አቅራቢያ ያለው ትልቅ የሸርተቴ ማዕከል በስሟ ተሰይሟል።

ለነገሩ ይሄ ስፖርት ከኛም ጋር ትንሽ ዝምድና አለው። ኢትዮጵያ በክረምት ኦሎምፒክ የተወከለችው በ2006 ቱሪን እና በ2010 ቫንኩቨር ሲሆን፣ ሁለቱንም ጊዜ ባንዲራችንን ይዞ የገባው የክሮስ ካንትሪ ተወዳዳሪው ሮቤል ተክለማርያም ነው።

የራይሳ ኦሎምፒኮች በአጭሩ

1976 ኢንስብሩክ፦ ወርቅ (10 ኪ.ሜ)፣ ወርቅ (ዱላ ቅብብል)፣ ብር (5 ኪ.ሜ)
1980 ሌክ ፕላሲድ፦ ወርቅ (5 ኪ.ሜ)፣ ብር (ዱላ ቅብብል)
1984 ሳራዬቮ፦ ብር (10 ኪ.ሜ)፣ ብር (20 ኪ.ሜ)
1988 ካልጋሪ፦ ብር (10 ኪ.ሜ)፣ ነሐስ (20 ኪ.ሜ)
1992 አልቤርቪል፦ ወርቅ (ዱላ ቅብብል)

ቁጥሮቹን ልብ ብላችሁ እዩአቸው። በ1980 እና በ1992 መካከል 12 ዓመት አለ፤ በእነዚያ 12 ዓመታት አንድም የኦሎምፒክ ወርቅ የላትም። ሳራዬቮ ላይ ሁለት ጊዜ ተቀድማለች፣ ካልጋሪ ላይ ከቡድን ቀርታለች። "ዕድሜሽ ሄዷል" ለማለት በቂ ምክንያት ነበር። እሷ ግን በየ4 ዓመቱ፣ ልክ እንደ ልደቷ፣ ተመልሳ መጣች።

ቀጣይ የማን ታሪክ ይቅረብላችሁ? በኮመንት ጻፉልን። ስፖርት ለሚወድ ጓደኛችሁም ሼር አድርጉለት።