የበረሃ ግቢ አረም፦ የአሪዞና ልምድ

በሶኖራ በረሃ ውስጥ ባሉት የአሪዞና ከተሞች፣ በፊኒክስና በቱሳን፣ አረም የሚነሳው ዝናብ ቆጥሮ ነው። የፊኒክስ አማካይ ዓመታዊ ዝናብ 200 ሚሊ ሜትር እንኳ አይሞላም፤ እሱም በዋናነት በሁለት ወቅት ይወርዳል። ከታኅሣሥ እስከ መጋቢት የሰናፍጭ ዘመዶችና ልት ይበቅላሉ፤ ከሐምሌ እስከ መስከረም ደግሞ ኩርንችት፣ መረሬና ሰርዶ ይከተላሉ።

ብዙ ነዋሪ ውሃ ለመቆጠብ ሣሩን ነቅሎ ጠጠር ያለብሳል፤ ከጠጠሩ ሥርም አረም ማፈኛ ጨርቅ ያነጥፋል። ጨርቁ ለጥቂት ዓመት ይረዳል። በኋላ ግን ነፋስ ያመጣው አቧራ በጠጠሩ መሃል ይሞላና ዘሩ ከጨርቁ በላይ ይበቅላል፤ ሥሩም ከጨርቁ ጋር ስለሚቆላለፍ መንቀሉ ይብሳል። የጨርቁ ወጪ ለጠብታ መስኖ ቢውል ይሻላል፤ ተክሉ ሥር ብቻ ሲጠጣ የቀረው መሬት ደረቅ ሆኖ ይከርማል።

ኩርንችት ከአንድ ሥር ተነስቶ መሬት ለመሬት ይዘረጋል። ፍሬው ሲደርቅ አብዛኛውን ጊዜ አምስት ቦታ ይከፈላል፤ ሹል እሾሁም የብስክሌት ጎማና የውሻ መዳፍ ይወጋል። ዘሩ አፈር ውስጥ ለዓመታት ስለሚቆይ፣ ቢጫ አበባው ፍሬ ሳይዝ ሥሩን ከአናቱ ዝቅ አድርጎ መቁረጥ ያስፈልጋል። የረገፈውን እሾህ አሮጌ ምንጣፍ መሬቱ ላይ እየተጫኑ መልቀም ይቻላል። እ.ኤ.አ. በ1961 ዘሩንና ግንዱን የሚበሉ ነቀዝ መሰል ጥንዚዛዎች ከውጭ መጥተው ቢለቀቁም፣ ግቢ የሚያጸዱ አልሆኑም።

ሰርዶ የባሰ ነው፤ የጎረቤት መስክ ጌጥ፣ የእኛ ጠጠር ጠላት። አንዲት አንጓ ከቀረች ይመለሳል። በሞቃቶቹ ወራት እርጥብ አፈርን በብርሃን አሳላፊ ላስቲክ ከ4 እስከ 6 ሳምንት መሸፈን ብዙ ዘር ይገድላል፤ ጥልቁን የሰርዶ ሥር ግን አይጨርስም።

ቡቃያ ከልካይ ኬሚካል የሚበተነው ዝናቡ ከመግባቱ በፊት ነው፤ የበቀለውን አይነካም፣ ሥራ የሚጀምረውም ውሃ ሲያሰርገው ነው። ግላይፎሴት የተባለው አረም ገዳይ በተቃራኒው የሚሠራው በለመለመ ቅጠል ላይ ነው። በሰኔ ቀትር የተጠማና አቧራ የለበሰ አረም ላይ መርጨት ገንዘብ መድፋት ነው። አረም ለማጥፋት ጨው መበተን ደግሞ አፈሩንም ይገድላል።

ከአፍሪካ ለግጦሽና ለአፈር ጥበቃ የተወሰደው ቡፈል ሣር በአሪዞና እ.ኤ.አ. በ2005 በጎጂ አረምነት ተመዝግቧል። ደረቁ እንደ ችቦ ስለሚነድ፣ እሳት የማያውቀውን የሳዋሮ ቁልቋል ያቃጥላል። በግቢ ከተገኘ ከነሥሩ ተቆፍሮ፣ ዘሩ ሳይረግፍ በከረጢት ታስሮ ይወጣል።